እሷ ምን ትል ነበር?

የምወደው ሰው ሰባት ሰው ነው። ስድስቱን አገር ያውቃቸዋል። እሁድ ከሰዓት ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ሕዝቡ ቴሌቪዥን ፊት ይቀመጥና እነሱ ተራ በተራ ይመጣሉ። መጀመሪያ እትዬ አልጣሽ ነጠላዋን አጣፍታ የሰፈሩን ገመና ትዘረዝርና «እኔ ምን አገባኝ» ትላለች። ቀጥሎ ጡረተኛው ሃምሳ አለቃ፣ ቤት ደላላው፣ ተመርቆ ሥራ ያጣው ኢንጂነር፣ ባሏን በስልክ ብቻ የምትቆጣው ልብስ ሰፊ። መጨረሻ ላይ ፈረሱ ላይ እንደተቀመጠ አዲስ አበባ የገባው ባላገር፣ አያ ጓሉ። አንድ ፊት፣ አንድ ጉሮሮ፣ ስድስት ሰው። እዚህ እንጅባራ ያሉ ጎረቤቶቻችን «ይኼ ልጅ ስንት ነፍስ አለው?» እያሉ ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። ሰባተኛውን፣ ሲፈራ የግራ ጆሮውን የሚያሸውን ደርበውን የማውቀው ግን እኔ ነኝ።

የተገናኘነው ዳንግላ ነው። እኔ ተመርቄ መጀመሪያ ያስተማርሁት እዚያ ነበር፤ አክስቴ ቤት ተቀምጬ። እሱ የአባቱን ጋሪ ይነዳ ነበር፤ አባቱ ወገባቸውን ሲያማቸው በገበያ ቀን ልጓሙን የሚይዘው እሱ ነው። አንድ ተሳፋሪ ወርዶ ሁለት እርምጃ ሳይራመድ ደርበው ያንን ሰው ይሆናል። የሽንኩርት ነጋዴዋን ይሆናል፣ ትራፊክ ፖሊሱን ይሆናል፣ ከፍርድ ቤት ተረትቶ የሚመለሰውን ባላጋራ ይሆናል። አንድ ቀን እየሳቅሁ መውረጃዬን አልፌ ከተማው ጫፍ ደረስሁ። «መምህርት፣ ከዚህ ወዲያ ባሕር ዛፍ ብቻ ነው» አለኝ፣ በራሱ ድምፅ። የወደድሁት ያን ጊዜ ነው። ሌላ ሰው ሲሆን የማይፈራው ልጅ ራሱን ሲሆን ድምፁ ይንቀጠቀጥ ነበር።

ከጋሪው ወደ ኪነት ቡድን፣ ከዚያ ባሕር ዳር፣ ከዚያ አዲስ አበባ ሄደ። እዚያ ሁለት ዓመት ሙሉ በድራማ ውስጥ ትሪ ይዞ የሚገባ አስተናጋጅ ነበር፤ የተሰጠው ቃል «እሺ ጌታዬ» ብቻ ነው። አንድ ቀን ባልቴቷን የምትጫወተው ተዋናይ ቀረች። ዳይሬክተሩ ሲጨነቅ ደርበው ትሪውን አስቀመጠና «ነጠላ ብቻ ስጡኝ» አለ። እትዬ አልጣሽ የተወለደችው ያን ዕለት ነው። ሌሎቹ እየተከታተሉ መጡ፤ ዛሬ ፊቱ የሳሙና ማስታወቂያ ላይ ሳይቀር አለ።

ይኼ ሁሉ ለአባቴ ከምንም አይቆጠርም ነበር። አባቴ ከአያት ከቅድመ አያቱ ፈረሰኛ ነው፤ በፈረሰኞቹ በዓል፣ ጥር ሃያ ሦስት ቀን፣ ፈረሰኛው ሁሉ ሲወጣ ከፊት ከሚሰለፉት አንዱ። ለእሱ የጋሪ ፈረስ ማለት የተዋረደ ዘመድ ነው። ሰው እየመሰሉ እንጀራ መብላትን ደግሞ ከልመና አይለየውም። እኔ አንድ ልጁ ነኝ። ወደ እንጅባራ ተዛውሬ ከእሱ ጋር መኖር ከጀመርሁ ወዲህ የደርበውን ስም በዚያ ቤት ውስጥ አንድ ቀን አንስቼ አላውቅም።

ኔትወርኩ ሲመጣ ሲሄድ፣ ሲመጣ ሲሄድ፣ መጨረሻ ላይ ጭራሽ ሲጠፋ ወደ ጥንቱ ተመለስን፤ ወደ ደብዳቤ። የዳንግላው አበረ፣ አዲስ አበባ የሚመላለሰው የአውቶቡስ ሹፌር፣ ያመጣልናል፤ ይወስድልናል። ደብዳቤያችን የራሱ ሥርዓት ነበረው። በነጭ ወረቀት የእኛን እንጽፋለን፤ ናፍቆቱን፣ ኩርፊያውን፣ አባቴን የምንፈራውን ፍርሃት። በካሬ ወረቀት ደግሞ ለሥራው የሚሆን ሰው እልክለታለሁ። የሒሳብ አስተማሪ ስለሆንሁ ካሬ ወረቀት አይቸግረኝም። የጫግኒዋ እህል ነጋዴ ስትዋሽ አንድ ዓይኗን እንዴት እንደምትጨፍን፣ ርዕሰ መምህራችን ሲያስነጥስ ራሱን እንዴት ይቅርታ እንደሚጠይቅ፣ ሁሉን ጽፌለታለሁ። እሱ ካሬውን ለሥራ ባልደረቦቹ እያነበበ ይሠራበታል፤ ነጩን ማንም አያየውም። አገር ከሚስቅባቸው ሰዎች ግማሹን የወለድሁት እኔ ነኝ እያልሁ ብቻዬን እኮራ ነበር።

እናቴ ምህረቴ ከሞተች ሦስት ዓመት ሆናት። አባቴ በቀብሯም ከቀብሯም በኋላ እንባውን ለሰው አላሳየም። ግን በየማለዳው ጋጣ ገብቶ በሩን ይዘጋና ከፈረሱ ከዳማ ጋር ያወራል። የሚያወራው በአገውኛ ነው፤ ከእናቴ ጋር የሚነጋገሩት በአገውኛ ነበርና። የጋጣው ግድግዳ ከእኔ መኝታ ጋር ይዋሰናል። የታመመውን በሬ፣ ያልታጨደውን ገብስ፣ እኔ ባል ሳላገባ መቆየቴን ሳይቀር ለፈረሱ ይነግረውና መጨረሻ ላይ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «እሷ ምን ትል ነበር?» ብሎ ይጠይቀዋል። ከዚያ መልስ እንደሚጠብቅ ሰው ዝም ይላል። ሲወጣ ፊቱ በርቶ ነው።

ይህን ለሦስት ዓመት ለብቻዬ ይዤው ኖርሁና አንድ ማለዳ ከበደኝ። ለደርበው ልጽፍለት ተቀመጥሁ። ነጭ ወረቀት አልቆብኛል፤ አበረ መናኸሪያው በር ላይ ጥሩንባ እየነፋ ነው፤ እጄ ላይ ያለው የሒሳብ ደብተሬ ነው። ገነጠልሁ፣ ጻፍሁ፣ ሮጬ ሰጠሁት። የአባቴን ሐዘን በካሬ ወረቀት ላክሁት።

ከሁለት ወር በኋላ አያ ጓሉ ተወለደ። ጎረቤት ቤት ተሰብስበን አየነው። ልክ እንደ አባቴ ወደ ግራ ዘመም ብሎ ፈረሱ ላይ ተቀምጧል። ትራፊኩ «መንጃ ፈቃድ!» ሲለው ወደ ፈረሱ ጆሮ ጎንበስ ይልና «እሷ ምን ትል ነበር?» ይላል። አስተናጋጇ ምን ልታዘዝ ስትለው «እሷ ምን ትል ነበር?» ይላል። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፤ ነገሩ እስኪገባኝ ድረስ የመጀመሪያዋን ሳቅ እኔም ስቄያለሁ።

በነጭ ወረቀት ምን አደረግኸኝ ብዬ ጻፍሁለት። መልሱ አጭር ነበር። «ማኔ፣ በካሬ ነው የላክሽልኝ። የሰጠሽኝ መሰለኝ። ይህ ሰው ይቅር ብዬ አለቆቼን ለመንኋቸው፤ አያ ጓሉ የአንተ መሆኑ ቀርቷል፣ የሕዝብ ነው አሉኝ። ውል አለብኝ። ምን እንደማደርግ አላውቅም።» እውነቱን ነው፤ ያን ጊዜ ቃሉ በየባጃጅ ነጂው አፍ ገብቶ ነበር።

ጥር ሃያ ሦስት ቀን አባቴ ዳማን አሳምሮ፣ የኮርቻውን መጣምር አጥብቆ ወጣ። እኔም ከሕዝቡ መሃል ቆሜያለሁ። ሰልፉ ወደ ሜዳው ሲወርድ ዳር የቆሙት ወጣቶች ዘመም ያለውን አቀማመጡን አዩና «አያ ጓሉ! አያ ጓሉ!» ይሉ ጀመር። ቤታችን ቴሌቪዥን ስለሌለ ማንን እንደሚሉ አላወቀም፤ ፈገግ ብሎ እጁን አነሳላቸው። ከዚያ አንዱ ጮክ ብሎ ያችን ቃል አላት። ሌላው ተቀበለው። አባቴ ልጓሙን ያዘ። ፊቱን አየሁት፤ በሕዝብ መሃል ልብሱን የገፈፉት ሰው ፊት ነበር። ፈረሰኛ በሰልፍ መሃል የሚወርደው ሲሞት ነው ይል የነበረው አባቴ፣ ወረደ። ዳማን እየሳበ በእግሩ ቤት ገባ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አባቴ የጋጣውን በር ዘግቶ ከዳማ ጋር አላወራም። በማለዳ ሣሩን ይጥልለትና ይወጣል። ግድግዳው ላይ ጆሮዬን ለጥፌ እጠብቃለሁ፤ የፈረሱ ማኘክ ብቻ ይሰማኛል። ሦስት ዓመት እናቴን ያቆየናት በዚያ ግድግዳ በኩል ነበር፤ እኔ አንዲት ካሬ ወረቀት ገንጥዬ ሁለተኛ ቀበርኋት።

ፋሲካ አልፎ የሰርግ ወራት ሲገባ ደርበው ሽማግሌ ላከ። አልተማከርንም፤ ጭንቀቱ ነው የገፋው። የመጡት ሦስት ናቸው፤ የአባቱ ጎረቤት የሆኑት የዳንግላው ጨርቅ ነጋዴ ሀጂ ሸዕባን፣ የዳንግላ አንድ ቄስና ያው አበረ። «ልጅዎን ለልጃችን» ሲሉ አባቴ ያባርራቸዋል ብዬ ነበር። አላባረራቸውም። አያ ጓሉን የሚጫወተው እሱ መሆኑን እስከዚያ ሰምቷል። በሚቀጥለው እሁድ ልጁን ራሱን ይዛችሁት ኑ አላቸው። ጠያቂው ከሽማግሌ ጋር አይመጣም፤ ደንቡ አይደለም። ሽማግሌዎቹ ተያዩና እሺ ብለው ሄዱ።

አርብ ዕለት በአበረ እጅ ነጭ ወረቀት ደረሰኝ። እውነቱን እንናገር ይላል፤ ወረቀቱን የተሳሳትሽው አንቺ፣ ሳልጠይቅሽ የሠራሁበት እኔ፣ ሁለታችንም እግራቸው ላይ እንውደቅ። እኔ ምን ብዬ መለስሁ? «አደራህን፣ የእኔን ስም አታንሳ። ከእኔ ሌላ ማንም የለውም። ያወጣሁት እኔ መሆኔን ካወቀ አባቴ ይሞትብኛል።» ፍቅር ነው ብዬ ነው የጻፍሁት። ፍርሃት መሆኑን ያወቅሁት በኋላ ነው።

እሁድ ከቅዳሴ መልስ መጡ። እኔ ጓዳ፣ ከመጋረጃው ጀርባ ቆሜያለሁ። ደርበው ሲገባ ዓይኑ በቀጥታ መጋረጃው ላይ አረፈ፤ በስንጥቋ ተያየን። ከአየሁት ዓመት አልፎኛል። ከስቷል። የግራ ጆሮውን አሸ። ልሮጥ፣ አንገቱ ላይ ልጠመጠም ፈለግሁ፤ ከመጋረጃው ጀርባ ግን አልወጣሁም።

ሽማግሌዎቹ ሳንናገር አንቀመጥም ብለው እንደ ደንቡ ቆሙ። ሀጂ ሸዕባን አባቴን «ልጁን አምጡ ባሉን መሠረት አምጥተናል፣ ደንብ የጣስነው ለእርስዎ ክብር ስንል ነው» አሉት። አባቴ ተቀመጡ አላቸው። ደርበውን ግን ተቀመጥ አላለውም። የአባቱን ጤና ጠየቀው፣ የጋሪውን ፈረስ ጤና ጠየቀው፤ ከዚያ በዝግታ እንዲህ አለው፦

«እስቲ አያ ጓሉን አሳየኝ።»

«አልችልም፣ አባቴ።»

«አገሩ ሁሉ አይቶት እኔ ብቻ ልቅር?»

ደርበው ሽማግሌዎቹን አያቸው፤ ማንም አልረዳውም። ያን ጊዜ ትከሻው ወደ ግራ ዘመመ። አገጩ ከፍ አለ። ልጓም እንደያዘ ሰው እጁ ተጨበጠ። ለአንድ አፍታ አባቴ ከአባቴ ፊት ቆሞ ነበር። በዚያ ሁሉ ዓመት ሲስቁለት ያየሁት ሥራው ምን ያህል ትልቅ እንደሆነ የገባኝ ያኔ ነው፤ ማንም አልሳቀምና። ወደ ፈረሱ ጆሮ ጎንበስ ሊል አለና ቃሏ ጋ ሲደርስ አፉ እንደተከፈተ ቀረ። ትከሻው ወደ ቦታው ተመለሰ። ደርበው ብቻ ሆነ።

«ያችን ቃል» አለ አባቴ፣ «ከየት አገኘሃት?»

መጋረጃውን በእጄ ጨበጥሁ።

«አንድ ማለዳ ማናለብሽን በሩቁም ቢሆን ልያት ብዬ በአጥርዎ ገብቼ ነበር» አለ ደርበው፣ በዚያ በሚንቀጠቀጠው በራሱ ድምፅ። «በጋጣው ስንጥቅ ሰማሁዎ። የሰማሁትን ይዤ መቅረት ሲገባኝ ሠራሁበት። እሷ አታውቅም። ጥፋቱ የእኔ ብቻ ነው።»

ቄሱ «በሰው ሐዘን!» ብለው ራሳቸውን ነቀነቁ። አበረ መሬት መሬት ያይ ነበር፤ ያችን ካሬ ወረቀት በእጁ ያደረሰው እሱ ነውና። አባቴ ደርበውን አትኩሮ አየው፤ ከዚያ በአገውኛ፣ በለሰለሰ ድምፅ፣ ከንፈርህ ደርቋል፣ ውሃ ላምጣልህ ወይ አለው። ደርበው የከተማ ልጅ ነው። አንገቱን ሰበረና «አዎ አባቴ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ» አለ። አባቴ ራሱን በቀስታ ነቀነቀ። እኔ በፍርሃት ውስጥ ስለነበርሁ ይኼን ልብ አላልሁትም።

ከዚያ አባቴ ፊቱን ወደ መጋረጃው አዞረና ዝም አለ።  ቁጣውን የሚሰበስብ መስሎኝ ነበር። ከቆምሁበት እስከ አባቴ እግር ሦስት እርምጃ ነው፤ የሒሳብ አስተማሪ ነኝ፣ ቆጥሬዋለሁ። የመጀመሪያውን ልራመድ እልና በሐዘኑ ጊዜ «አንቺ አለሽልኝ» ያለኝ ትዝ ይለኛል። አለመኖሬን እንዴት ልንገረው? ደርበው ዓይኑን አላነሳም። እንድወጣ አልጠየቀኝም፤ አደራዬን እየጠበቀልኝ ነበር።

«ልጄን አልሰጥም» አለ አባቴ። ሀጂ ሸዕባን ሽማግሌ በአንድ ቀን እንደማይመለስ ሊያስረዱት ሲጀምሩ እጁን አነሳ። «ለሌላ ጉዳይ ኑ፣ ቤቱ የእናንተ ነው። ለዚህ ጉዳይ ግን ከእንግዲህ ደጄን አትርገጡ። ቃሌ ነው።»

ወጡ። ደርበው መጨረሻ ላይ ቀረና ወደ መጋረጃው ዞረ። ጆሮውን አላሸም። የሚፈራው ነገር ካለፈ በኋላ የሚፈራ የለም። ከበሩ ሲወጣ ከሰባቱ አንዱንም አይመስልም ነበር።

የአበረ አውቶቡስ በስምንት ሰዓት ተነሳ፤ ጥሩንባውን ከቤት ሆኜ ሰማሁት። እንደዚያ ቀን ሮጬ አልደረስሁበትም። ቤቱ ውስጥ መቀመጥ ሲያቅተኝ ጋጣ ገባሁ። ሰው ሲጠፋ ወደ ፈረስ ይኬዳል ለካ። ግንባሬን ዳማ አንገት ላይ አሳርፌ በአገውኛ፣ በእናቴ ቋንቋ፣ ሁሉን ነገርሁት። የካሬውን ወረቀት፣ የሳቅሁትን ሳቅ፣ የላክሁትን አደራ፣ ያልተራመድሁትን ሦስት እርምጃ። አባቴን ላለማጣት ብዬ ደርበውን ሸጥሁት አልሁት። እወደዋለሁ፣ ከእሱ በኋላ ማንንም አልወድም አልሁት። ዳማ ሣሩን ያኝካል።

ከፈረሱ ወዲያ ማዶ ሣር ተንኮሻኮሸ። አባቴ ነበር። የሣሩን ሸክም ይዞ በኋላው በር ገብቶ፣ ከመቼ ጀምሮ እንደቆመ አላውቅም። መሃላችን ዳማ ስላለ ፊቱ አይታየኝም፤ እጁ ብቻ ጋማው ላይ ሲያርፍ አየሁ።

«ዳማ» አለ። ከጥር ወዲህ ሲጠራው የመጀመሪያው ነው። «ያ ልጅ አገውኛ አይችልም። በአገውኛ ውሃ ላምጣልህ ወይ ብዬ ብጠይቀው ይቅርታ ለመነኝ። እዚህ ጋጣ ውስጥ የምለውን ሰምቶ የሚገባው በዓለም ላይ አንድ ሰው ነው፤ ከግድግዳው ወዲያ የሚተኛው።»

እጁ ጋማውን ቁልቁል ዳበሰ።

«ከጥር ጀምሮ አውቅ ነበር። ልጅ ናት፣ ያመልጣታል፤ አልተቀየምኋትም። ልጁን አምጡት ያልሁት እሷን ላወጣት ብዬ ነው። መጋረጃው እስኪከፈት ጠበቅሁ። ያላጠፋውን ሲሸከምላት አይቼ የጋሪውንም የቴሌቪዥኑንም ነገር ረስቼለት ነበር። ብትወጣ መርቄ እሰጣት ነበር። አልወጣችም። ለእሷ ብሎ ሰው ሲወድቅ ቆማ አየች። እንዲህ አድርጌ ያሳደግሁትን ልጅ ለሰው ልጅ እንዴት ብዬ ልስጥ? አሁንማ በሽማግሌ ፊት ቃሌ ወጥቷል፤ እኔም አልመልሰውም።»

 

ዘጠኝ ሰዓት ሆኖ ኖሯል። ከአጥሩ ወዲያ የጎረቤቱ ቴሌቪዥን ድምፁ ከፍ አለ፤ መጀመሪያ እትዬ አልጣሽ መጣች፣ ቀጥሎ ሃምሳ አለቃው፣ ቀጥሎ ሌሎቹ። ሁለታችንም ካለንበት አልተነቃነቅንም። ቀድሞ የተቀረፀ ነው እንጂ ባለቤቱ አሁን በአበረ አውቶቡስ ቲሊሊን አልፎ በመስኮት እያየ ነው፤ የዚያ ሰው ድምፅ ነው ብዬ ለማመን አቃተኝ። መጨረሻ ላይ የፈረስ ኮቴ ተሰማ፤ ደርበው ሳቅ በሚጠብቅ ድምፅ «እሷ ምን ትል ነበር?» አለ፤ ጎረቤቱ ሁሉ ሳቀ።

አባቴ መልስ እንደሚጠብቅ ሰው ዝም አለ። እኔም እንደ ዳማ ዝም አልሁ።